ድምፅ የሌለው ሠርግ

ራንጉን፣ ፌብሩዋሪ 8 ቀን 1926

ለወንድሜ ልጅ ለሲፓራ፣

የአባቶቻችን አምላክ ጤና ይስጥሽ፤ ነቢዩ ኤልያስም የቤታችሁን ደጅ አይለፈው። እኔ ደህና ነኝ። ጉልበቴ ይቆረጥመኛል። ጆሮዬ ግን አያስቸግረኝም፤ የወባው ኪኒን ከደፈነው ወዲህ ዝም ብሏል።

ባለፈው እሑድ ልጄ ዮናታንና ሚስቱ ፍሎራ ሲኒማ ወሰዱኝ። የሄድሁት አንቺን ለማየት ነው። ከበሩ በላይ በትልቁ «ሚስ ኩሙድባላ» ተብሎ ተጽፏል። አባትሽ የሒንዱ ስም ያወጣልሽ በምኩራቡ ደጅ ወሬ እንዳይሆን ነው፤ ይገባኛል። ነገር ግን ፊትሽ የእናቴ ፊት ስለሆነ ስም አይሸፍነውም።

ሲኒማ ቤት እኔና ሌላው ሰው እኩል የምንሆንበት ቦታ ነው። ተዋናዮቹ የሚሉትን ማንም አይሰማም። እንዲያውም እኔ ሳልሻል አልቀርም፤ ዕድሜዬን ከኋላ ወንበር የሚያንሾካሹኩ ልጃገረዶችን ከንፈር ሳነብ የኖርሁ መምህርት ነኝ። ንጉሡ ሕፃንሽን ከእቅፍሽ ነጥቆ ሲሄድ በመጋረጃው ላይ የወጣው ጽሑፍ «ወዮልኝ! ከእንግዲህ ለማን ብዬ እኖራለሁ?» ይላል። ያንቺ ከንፈር ግን «ጉንዳን! ጉንዳን ገባብኝ! ማስተር፣ ቶሎ በሉ!» ይላል። ሴቱ ሁሉ ይነፋረቃል። እኔ ሳቅሁ።

«እማማ፣ ኧረ ሰው እያየን ነው» አለችኝ ፍሎራ።

«ጉንዳን ነክሷት እኮ ነው» አልኋት።

«ማንን?»

«ልዕልቲቱን።»

ወደ ባሏ ዘንበል ብላ «በል እንውሰዳት፣ ደክሟታል» ስትለው አየሁ። እኔ እንዳላይ ዞር ያለች መስሏት ነበር።

ሥራሽን በተመለከተ፣ ጀርባሽን ታጎብጫለሽ። ስታለቅሺም አፍንጫሽን በእጅሽ አትጥረጊ፤ ልዕልት መሐረብ አላት።

አሁን ወደ ቁም ነገሩ። አባትሽ ባል እንድፈልግልሽ ጽፎልኝ ነበር፤ አግኝቻለሁ። ብንያም ፔንካር ይባላል። በወንዝ መርከቦች ቢሮ የሒሳብ ጸሐፊ ነው። ሰንበት ይጠብቃል፤ አይጠጣም። ወገኑም እንደ እኛ «ነጭ እስራኤል» ነው፤ ከ«ጥቁር እስራኤሎቹ» ጋር ተጋብተው አያውቁም። አባትሽ ከሁሉ አስቀድሞ የጠየቀኝ ይህን ነው። ሰውየው ፎቶግራፍሽን አይቶ ተስማምቷል። ያንቺን ሐሳብ ጻፊልኝ።

አክስትሽ ሚልካ


ቦምቤይ፣ ማርች 14 ቀን 1926

ለተከበሩ አክስቴ ለወይዘሮ ሚልካ፣

ሰላም ለእርስዎ፣ ለዮናታንና ለፍሎራም ይሁን። እግዚአብሔር ጉልበትዎን ያጽናልን። እኛ ይመስገነው ደህና ነን።

ጉንዳኑን ስላዩብኝ አፍሬአለሁ። ፊልሙን የሚመራውን ሰው ማስተር ነው የምንለው፤ እሱም «አፋችሁን አንቀሳቅሱ እንጂ ያሻችሁን አውሩ፤ ማን ሊሰማችሁ!» ይለናል። እኛም የመጣልንን እናወራለን። የቀድሞው ልዑል እጄን ይዞ ስለ ፍቅር በሚምልበት ቦታ ሁሉ የጥርሱን ሕመም ነበር የሚነግረኝ።

የምንሠራው ፀሐይ ስትኖር ብቻ ነው። ደመና ሲመጣ ንጉሡም ባሪያውም ከነዘውዱና ከነሰንሰለቱ ጥላ ሥር ቁጭ ብሎ ኦቾሎኒ ይፈለፍላል። ፀሐይ ስትወጣ ማስተር ያጨበጭባል፤ ለልቅሶ ከሆነ ቫዮሊን፣ ለደስታ ከሆነ ከበሮ ያስመታል። ስሜት እንዲመጣልን ነው። አባዬ በየቀኑ ዣንጥላውን ይዞ አብሮኝ ይመጣል። ማንጎው ሥር ተቀምጦ ከወንድ ጋር ስቆም በመካከላችን ያለውን ርቀት በዓይኑ ይለካል።

የቀድሞው ልዑል ስለወፈረ ሌላ ተቀጥሯል። ጌዴዎን ናጋውካር ይባላል፤ ከእኛው ሕዝብ ነው። ፈረስ መጋለብ ያውቃል።

ስለ ብንያም ፔንካር፣ አባዬና እርስዎ ያላችሁት ይሁን። የሚቀጥለው ፊልም ራንጉን ሲደርስ ግን እባክዎን ከፊት ይቀመጡ።

የወንድምዎ ልጅ ሲፓራ

እኅቴ ሆይ፣ ልጅቱ የምትጽፈውን ሁሉ አንብቤ እንደማሽግ ታውቂያለሽ። ፈረስ መጋለብ ያውቃል ያለችው ተጋኗል፤ ባለፈው ማክሰኞ ሲወድቅ አይቻለሁ። ሰውየው ከጥቁሮቹ ወገን ነው። ስለ ብንያም በርቺልን። ሐስኬል


ራንጉን፣ ሴፕቴምበር 19 ቀን 1926

ለሲፓራ፣

አዲሱ ዓመት የሰላም ይሁንላችሁ፤ ስማችሁ በሕይወት መጽሐፍ ይጻፍ።

ሁለተኛው ፊልም ደርሶ አየሁት። በመስኮቱ አጠገብ ብቻሽን በምትቆሚበት ቦታ ጽሑፉ «ጨረቃ ሆይ፣ ፍቅሬ ወዴት አለ?» ይላል። አንቺ ግን ትክ ብለሽ አየሽኝና «አክስቴ፣ እንዴት ነዎት? ብንያም እንዴት ያለ ሰው ነው? እውነቱን ይንገሩኝ» አልሽ። ሕዝቡ ለጨረቃዋ አጨበጨበ።

ይህን ጥያቄ በፖስታ ብትልኪው ኖሮ ፈጥኖ ይደርሰኝ ነበር። በደብዳቤ ያልጻፍሽው ለምን እንደሆነ እገምታለሁ። ሆኖም ከወንድሜ ተሰውሬ መጻጻፍ አልለመድሁም፤ ስለዚህ ሐስኬል፣ አንተም አንብበው።

ብንያም ፔንካር የተናገረውን የሚፈጽም፣ የማይፈጽመውን የማይናገር ሰው ነው። ስለዚህ ጥቂት ይናገራል። ያቺን ጥቂትም ጢሙ ስለሚሸፍናት ለእኔ ትከብደኛለች። ሲበላ አፉን ይገጥማል። ቀልድ አያውቅም፤ ሲቀልዱበት ግን አይቆጣም። ሴት ልጅ ከእርሱ ጋር ሳትራብና ሳትሰደብ ልታረጅ ትችላለች። ከዚህ የሚበልጥ አለ ወይ ብለሽ ብትጠይቂኝ፣ ለአንዳንዱ አለ፣ ለብዙው የለም።

በዚያው ፊልም አዲሱ ልዑል ከፈረስ ሊያወርድሽ እጁን ሲዘረጋ «ቀስ በይ፣ ቁርጭምጭሚትሽ ገና አልዳነም» ይልሻል። ጽሑፉ ግን «የሕይወቴ ንግሥት» ነው የሚለው። ቁርጭምጭሚትሽ ምን ሆኖ ነበር? ለእኔ ማንም አልጻፈልኝም።

ሚልካ


ቦምቤይ፣ ኖቬምበር 7 ቀን 1926

ለተከበሩ አክስቴ፣

እንደምን ሰነበቱ። የእግዚአብሔር ቸርነት አይለይዎት።

ቁርጭምጭሚቴ ድኗል። አባዬ ከእንግዲህ ማንጎው ሥር ሳይሆን ካሜራው አጠገብ ስለሚቆም በፊልም ላይ ሰላምታ ላቀርብልዎ አልችልም። ሠርጉ ከፋሲካ በኋላ ራንጉን እንዲሆን ተወስኗል። ሳሪዎቹ ተገዝተዋል። አረንጓዴው ቆንጆ ነው።

ሦስተኛው ፊልም አልቋል። አባዬም አለበት፤ እሱ ራሱ ይንገርዎ። እሱን ለማየት ሲሉ እባክዎን በመጨረሻው ክፍል ዓይንዎን አይንቀሉ።

ሲፓራ

እኅቴ ሆይ፣ እንግዲህ ሳቂብኝ። ከካሜራው አጠገብ ቆሜ ስጠብቅ ማስተር ጢሜን አይቶ «የእርስዎን የመሰለ የቤተ መንግሥት ሚኒስትር ከየት ይገኛል!» ብሎ ለመነኝ። የወርቅ ጥልፍ ካባና ጥምጥም አልብሰውኛል። በንጉሣዊው ሠርግ ላይ ከከበሮ መቺዎቹ ጎን ቆሜ አጨበጭባለሁ። ማስተር «ሐስኬል ሳሂብ፣ ልጅዎን እየዳሩ እንደሆነ ያስቡ» አለኝ። እኔም ብንያምን አስቤ ከልቤ አጨበጨብኩ። ለሚያውቁን ሁሉ አሳዪልኝ። ሐስኬል


ራንጉን፣ ጃንዋሪ 10 ቀን 1927

ለሲፓራ፣

እግዚአብሔር ማስተዋልን ይስጥሽ።

ይህን ደብዳቤ ወደ ቤታችሁ አልላክሁትም። የቀድሞ ተማሪዬ ሬቤካ በእጅሽ እንድትሰጥሽ አዝዣታለሁ፤ መልስሽንም እርሷው ትልካለች። ከወንድሜ ተደብቄ ስጽፍ የመጀመሪያዬ ነው። አልወደድሁትም።

ፊልሙን አየሁት። በማግስቱም ብቻዬን ተመልሼ አየሁት። ቲኬት ቆራጩ ከንፈሩን ዘርግቶ «እሜቴ፣ ወደዱት መሰለኝ!» አለኝ። «ልመረምረው ነው» አልሁት።

በመጨረሻው ክፍል ልዑሉ በዙፋኑ ፊት ቆሞ በጣትሽ ላይ ቀለበት ያደርጋል። ከግራና ከቀኝ ጦር የያዙ ሁለት ዘቦች አሉ። ወንድሜ ከሩቅ ከከበሮዎቹ ጎን ያጨበጭባል፤ ጥምጥሙ ዘሟል። ጽሑፉ «ፀሐይና ጨረቃ ይመስክሩ፣ መንግሥቴ ያንቺ ነው» ይላል። ጌዴዎን ናጋውካር ግን ያለው ይህን አይደለም። በዕብራይስጥ ነው የተናገረው፤ ቃሉንም ከልጅነቴ ጀምሮ በየሠርጉ ሰምቼዋለሁ። «እነሆ፣ በዚህ ቀለበት በሙሴና በእስራኤል ሕግ ለእኔ የተቀደስሽ ነሽ።» ቀለበቱ ከመግባቱ በፊት ወደ ሁለቱ ዘቦች ዞሮ «እናንተ ምስክሮቼ ናችሁ» ብሏል። አንቺም ጣትሽን ዘርግተሽ ተቀበልሽ። ያን ጊዜ ወደ ካሜራው አላየሽም። ጀርባሽም ቀጥ ብሎ ነበር።

ይህ ጨዋታ ከሆነ የከፋ ጨዋታ ነው። ሕጉ «ስቀልድ ነው» የሚልን ሰው ዝም ብሎ አያሰናብትም። ቃሉ ከተባለ፣ ቀለበቱ ከተሰጠ፣ ሁለት የተገቡ ምስክሮች ካዩና ከሰሙ፣ ሴቲቱም ወድዳ ከተቀበለች ባለ ባል ናት። የፍቺ ጽሕፈት ሳትቀበል ሌላ ብታገባ ከሁለተኛው የምትወልደው ልጅ እስከ አሥር ትውልድ ወደ እግዚአብሔር ጉባኤ አይገባም። ብንያም ይህን ሳያውቅ ሊያገባሽ ነው። ከባግዳድ የመጡት የዚህ አገር አይሁድ ደግሞ ስለ እኛ ስለ ሕንድ አይሁድ «ቤኔ እስራኤሎች የጋብቻና የፍቺ ሕግ አያውቁም» እያሉ በምኩራብ ከእነርሱ እኩል ሊያስቀምጡን እንደማይወዱ አባትሽ ሳይነግርሽ አልቀረም። ልጆችሽን ለእነርሱ አፍ አሳልፌ አልሰጥም።

ሁለቱ ዘቦች እነማን ናቸው? ሰንበት ይጠብቃሉ? ለአንቺ ወይም ለእርሱ ዘመድ ናቸው? ቃሉ ከመባሉ በፊት ታውቂ ነበር ወይስ ድንገት ነው? ሳትቀንሺና ሳትጨምሪ ጻፊልኝ።

ሚልካ


ቦምቤይ፣ ፌብሩዋሪ 2 ቀን 1927

የተከበሩ አክስቴ፣

የሰላም አምላክ ከእርስዎ ጋር ይሁን። እግርዎ ላይ ወድቄ እጽፋለሁ።

አውቅ ነበር። ቀልድ አይደለም።

ባለፈው ክረምት ጌዴዎን ቤታችን መጥቶ አባዬን ጠየቀው። አባዬ ወንበር አልሰጠውም።

«አያትህ ማን ነበረች?» አለው።

«ራሔል ናጋውካር፣ ጌታዬ።»

«የእርሷስ አያት?»

ጌዴዎን አንገቱን ደፋ። የጥቁር እስራኤል ታሪክ ለእርስዎ አይነገርም፤ ከብዙ ትውልድ በፊት አንዲት እናታቸው ከሌላ ሕዝብ ነበረች ይባላል፣ እናም እስከ ዛሬ እኛና እነርሱ ከአንድ ድስት አንበላም። ጌዴዎን በምኩራብ የሚቀመጠው በሩ አጠገብ ነው። ኦሪትን ሲያነብ ግን ስህተት አይገኝበትም።

«እንግዲህ ስማ» አለው አባዬ፣ «በፊልም ላይ እንደ ልብህ አግባት፤ ለዚያ ይከፈልሃል። ከፊልም ውጭ ግን ይህን ደጅ እንዳትረግጥ።»

ጌዴዎን እጅ ነስቶ ወጣ። በሳምንቱ ፀሐይ በደመና ተሸፍናብን ኦቾሎኒ ስንበላ «አባትሽ ፈቅዶልኛል እኮ» አለኝ።

«ምኑን?»

«በፊልም ላይ እንዳገባሽ።»

ሳቅኩ። እሱ አልሳቀም። ያን ዕለት አሰብንበት። አባዬ ከካሜራው አጠገብ እንደማይነቃነቅ ስናውቅ ለማስተር «ይኼ ሽማግሌ ጢሙ ለሚኒስትርነት የተፈጠረ ነው» ያለው ጌዴዎን ነው። ቃሉን እንዳይሰማ ከከበሮው ጎን እንዲቆምም ያደረገ እሱ ነው። ሁለቱ ዘቦች የምኩራቡ አገልጋይ ልጅ ኢሳቅና አናጢው ሻሎም ናቸው፤ ሰንበት ይጠብቃሉ፤ ዘመዶቻችን አይደሉም። ቀደም ብለን ነግረናቸው ነበር። ሻሎም ፈርቶ ጦሩ ይንቀጠቀጥ ነበር፤ አይተውት ይሆናል። ማስተር «አንተ ዘብ! ንጉሥ እየተዳረ ወባ ይዞሃል?» ብሎ ጮኸበት።

ሁሉም በአንድ ጊዜ ነው የተቀረጸው። ከዚያ ማስተር «በቃ!» አለ፣ ከበሮው ቆመ፣ የዕቃ ቤቱ ሰውዬ መጥቶ ዘውዱን፣ ካባውን፣ ቀለበቱን ሰበሰበ። ቀይ ድንጋይ ያለው ቀለበት ነው፤ በሁሉም ፊልም የምናደርገው። እኔና አባዬ በትራም ቤት ገባን። መንገዱን ሙሉ የአጨበጫጨቡን ነገር ሲያወራልኝ ነበር። ከዚያ ወዲህ ከጌዴዎን ጋር ብቻችንን ቆመን አናውቅም፤ ይህን ይመኑኝ።

ለአባዬ ለምን እንዳልነገርኩት ይጠይቁኛል። ስንት ጊዜ አፌን ከፍቻለሁ። አባዬ ሲያየኝ ድምፄ ይጠፋል። ካሜራ ፊት ግን ማንም ስለማይሰማኝ ያሰብኩትን ሁሉ እናገራለሁ።

ፊልሙ ራንጉን እንደሚመጣ አውቅ ነበር። እርስዎም ከፊት እንደሚቀመጡ አውቅ ነበር። ሙሽራ ያለ ዘመድ አይዳርም፤ ከእርስዎ ሌላ የምጠራው ሰው አልነበረኝም።

አሁን ምን ላድርግ?

ሲፓራ


ቦምቤይ፣ ማርች 6 ቀን 1927

የተከበሩ አክስቴ፣

ጤና ይስጥልኝ። መልስዎን በየቀኑ ሬቤካ ዘንድ ሄጄ እጠይቃለሁ፤ አልመጣም። ታመው እንደሆነ ፍሎራ ትጻፍልኝ። ተቆጥተው እንደሆነም እርስዎ ራስዎ ይጻፉልኝ፤ ቁጣዎ ከዝምታዎ ይሻለኛል።

አባዬ የመርከቡን ቲኬት ቆርጧል። ጎረቤቶች ለነቢዩ ኤልያስ የማሊዳ የስለት ማዕድ እያዘጋጁልኝ ነው፤ ሩዙም ኮኮናቱም ተገዝቷል። «መንገዷን ያቅናላት» ይላሉ። ጌዴዎን ከአባዬ ጋር ልነጋገር ሲል እኔ ነኝ የያዝኩት፤ የእርስዎን ቃል ሳልሰማ አይሆንም ብዬ።

ሲፓራ


ራንጉን፣ ማርች 17 ቀን 1927

ለሲፓራ፣

ሰላም ለአንቺ ይሁን። አልታመምሁም። ቁጣውም የነበረኝ በመጀመሪያው ሳምንት ነው። የዘገየሁት መጽሐፍ ስመረምር ነው፤ የማላውቀውን ፈጥኜ አልመልስም።

መጽሐፉን ከጨረስሁ በኋላ ወደ አንድ የባግዳድ ሊቅ ሄድሁ። ስምሽን አላነሳሁም።

«ይህ ነገር የደረሰው በእናንተ በቤኔ እስራኤሎች ዘንድ ነው?» አለኝ። ፈገግ ብሎ ነበር።

«የጠየቅሁዎ ሕጉን ነው፤ ሕጉ ሰፈር አይጠይቅም» አልሁት።

ፈገግታውን ሰበሰበ። እኔ አስቀድሜ የደረስሁበትን ደግሞ አጸናልኝ። ይኸውም እንደሚከተለው ነው። ቃሉ ትክክል ነው። ምስክሮቹ የተገቡ ናቸው፤ ጦሩ መንቀጥቀጡ ምንም አያመጣም። ፈቃድሽም ግልጽ ነው። ቀለበቱ ግን የጌዴዎን አልነበረም። ወንድ ሴትን የሚቀድሰው በገዛ ገንዘቡ ነው። የፊልም ድርጅቱ ባለቤት ቀለበቱን ያዋሰው ፊልም እንዲሠሩበት እንጂ ሚስት እንዲያገቡበት አይደለም፤ ስለ ሁለተኛው አያውቅም። በሰው ንብረት የተደረገ ጋብቻ ጋብቻ አይደለም። ከዚህም በላይ ድንጋይ ያለበት ቀለበት በእኛ ዘንድ አይደረግም፤ ያ ቀይ ነገር ዕንቍ ይሁን ጠርሙስ፣ ዋጋው ስንት እንደሆነ ሙሽራዪቱ ልታውቅ አትችልም። ኦሪትን ሳይሳሳት የሚያነብ ሰው ይህን አለማሰቡ አሳፋሪ ነው። ንገሪልኝ።

ስለዚህ ባለ ባል አይደለሽም። የፍቺ ጽሕፈት አያስፈልግሽም። ለብንያም ነፃ ነሽ፤ ለሌላም ነፃ ነሽ። ይህን የምጽፍልሽ ማወቅ ስለሚገባሽ ነው፤ ብደብቅሽ ለእኔ ይቀለኝ ነበር፤ ለማን እንደሚቀል ግን ሕጉ አይጠይቅም።

ከዚህ በኋላ ብንያም ፔንካርን ጠራሁት። ጢሙን ገፋ አድርጎ እንዲናገር ለመንሁት። ፊልሙን አይቶ እንደሆነ ጠየቅሁት።

«ሁለት ጊዜ አየሁት፣ እማማ።»

«ታዲያስ?»

«ልዑሉን የምታይበትን አየሁ። ለእኔ በተላከው ፎቶግራፍ ላይ እንዲያ አታይም።» ቆቡን በእጁ ሲያዞር ቆየ። «እኔ የሒሳብ ሰው ነኝ። የማይመጣጠን ነገር ሳይ አውቃለሁ። እርስዎን እንዳላሳፍር ብዬ ዝም አልሁ እንጂ።»

«ታፍርብኛለህ ብዬ እኔም ዝም ብዬ ነበር» አልሁት።

ጋብቻው በስምምነት መቅረቱን ለሚጠይቀን ሁሉ እንነግራለን። እውነትም ነው። ሲወጣ ጥሩ ተዋናይ እንደሆንሽ እንድነግርሽ ጠየቀኝ። ያየው ትወና እንዳልሆነ እናውቃለን፤ እኔም አላረምሁትም።

ጥቁርና ነጭ እስራኤል ስለሚባለው ነገር። እኔም ከእነርሱ ድስት ባለመብላት አድጌአለሁ፤ ለምን እንደማልበላም ጠይቄ አላውቅም ነበር። ሰሞኑን መጽሐፉን ገልጬ ሳለሁ ፈለግሁት። ሕጉ ስለ ቀለበቱ ይጠይቃል፣ ስለ ምስክሮቹ ይጠይቃል፣ ስለ ፈቃድሽ ይጠይቃል። ስለዚህ ነገር አንድም ቃል የለውም። አባትሽ የሚያሳየኝ መስመር ካለው ይላክልኝ፤ እመረምረዋለሁ።

ከዚህ ደብዳቤ ጋር በተሰፋ ጨርቅ ውስጥ የወርቅ ቀለበት አለ። ባሌ ያደረገልኝ ነው፤ ድንጋይ የለበትም። የምሰጠው ለጌዴዎን ናጋውካር ነው፣ ለአንቺ አይደለም። ውሰትም አይደለም። ሙሉ በሙሉ፣ ለዘለዓለም፣ ያለ ምንም ቅድመ ሁኔታ የእርሱ ንብረት እንዲሆን ሰጥቼዋለሁ፤ በሰው ፊት ይቀበለው። ከዚያ በኋላ ሊሸጠው፣ ባሕር ሊጥለው፣ ሌላም ሊያደርግበት ይችላል። ይህን ያህል ሳብራራ የምትስቁ ከሆነ ባለፈው ጊዜ ምን እንደደረሰባችሁ አስታውሱ።

አንድ የማላደርግልሽ ነገር አለ። ለአባትሽ አልነግርልሽም። ጌዴዎንም አይንገርልሽ። ለእኔ መስማት ለተሳነኝ ተናግረሻል፤ ለካሜራውም ተናግረሻል። ሐስኬል ግን ጆሮ አለው። በድምፅሽ ንገሪው።

አክስትሽ ሚልካ


ቦምቤይ፣ ማርች 31 ቀን 1927

የተከበሩ አክስቴ፣

ምስጋናዬን በደብዳቤ አልጨርሰውም፤ ስለዚህ የሆነውን ብቻ እጽፋለሁ።

ደብዳቤዎ በደረሰ በማግስቱ ጠዋት አባዬ በረንዳው ላይ ተንበርክኮ ለመርከቡ ሻንጣዬን በገመድ ያስር ነበር። ፊቱን አላየሁም፤ ይህ ሳይረዳኝ አልቀረም።

«አባዬ፣ ብንያምን አላገባም። ጌዴዎንን ነው የማገባው» አልኩት።

ማሰሩን አላቆመም። እኔም አላቆምኩም። ስለ ፊልሙ ነገርኩት፣ ስለ ቃሉ፣ ስለ ኢሳቅና ሻሎም፣ ቀለበቱ ስላፈረሰው ነገር፣ እርስዎና ብንያም ስለተነጋገራችሁት። መጨረሻ ላይ ብድግ አለ።

«እኔ እያጨበጨብኩ?»

«አዎ፣ አባዬ።»

«ከልቤ ነበር እኮ ያጨበጨብኩት!»

«አውቃለሁ።»

የሙዝ ሻጩ በመንገዱ እየጮኸ መጥቶ እየጮኸ ሄደ። አባዬ ስለ ጌዴዎን አያት አያት የሚያነሳ መስሎኝ ስጠብቅ ነበር። እሱ ግን «መጀመሪያ ላይ ያልሽውን በደንብ አልሰማሁትም። ድገሚው» አለኝ።

ሰምቶ ነበር። ደገምኩለት። ድምፄ ከፍ ብሎ ስለነበር የጎረቤት ሴቶች ከየመስኮታቸው ብቅ አሉ።

አባዬ የእነርሱንም የእኔንም ፊት አየ። ከዚያ እንደገና ተንበርክኮ የሻንጣውን ገመድ መፍታት ጀመረ።

ሲፓራ